በላስታ ደጋ የአረጋውያኑን ስልክ ልሰበስብ ሄጄ

ሰኞ፤ ከደሴ ወደ ፍላቂት

ከደሴ የተነሣሁት ሰኞ ጠዋት አሥራ ሁለት ሰዓት ላይ ነው። ሁዳዴ ከገባ አራተኛ ሳምንቱን ይዟል። የሄድኩበት ጉዳይ አጭር ነበር፦ አንዱን ከፍላቂት፣ ሌላውን ከላሊበላ፣ ሁለት ስልክና ሁለት የደም ግፊት መለኪያ ሰብስቤ መመለስ።

ነርስ ነኝ። በዚያን ጊዜ ግፊት ያለባቸውን አረጋውያን በስልክ የሚከታተል አንድ ትንሽ ፕሮጀክት ውስጥ እሠራ ነበር። ስማርት ስልክ ከትልልቆቹ ከተሞች ወደ ወረዳ ገና መውጣቱ ነው። ለእያንዳንዱ አረጋዊ ክንድ ላይ የሚጠቀለል መለኪያና አንድ ስልክ እንሰጣለን። መለኪያው ቁጥሩን ለስልኩ ያቀብላል፤ ስልኩ ደግሞ ኔትወርክ ሲያገኝ ወደ እኛ ይልካል። በየቀኑ ጠዋት ሁለት ሰዓት ላይ ስልኩ ውስጥ የተቀረጸ ድምፅ መድኃኒት መውሰጃው መድረሱን ይናገራል። ድምፁ የእኔ ነው። የተጻፈ ወረቀት ሰጡኝ፤ አነበብኩ፤ ተቀረጸ፤ ከዚያ በኋላ አስቤውም አላውቅ።

የእነዚህ ሁለት ሰዎች ቁጥር ግን መምጣቱን ካቆመ ሦስት ሳምንት አልፎት ነበር። ኃላፊዬ ተስፋ ቆርጧል። “ሽማግሌና ቴክኖሎጂ አይገናኝም። ሰብስበሽ አምጪና ለሚጠቀምበት እንስጠው” አለኝ። እኔም ብዙ አልተከራከርኩም።

ሐይቅን፣ ውርጌሳን፣ መርሳን አልፈን ወልድያ ስንደርስ ሙቀቱ ጨምሯል። ሽሮዬን በልቼ፣ ከመርሳ የገዛሁትን ፓፓያ በፌስታል አንጠልጥዬ ወደ ጋሸና የሚሄድ ሚኒባስ ያዝኩ። ከወልድያ በኋላ መንገዱ ዳገት ብቻ ነው። መኪናው ሲያቃስት፣ ጆሮ ሲደፈን፣ ከታች የቀረው ቆላ ጭጋግ ሲመስል ድልብ ተደረሰ።

ድልብ ላይ ሾፌሩ ለሞተሩ ውኃ ሲጨምር አጠገቤ የተቀመጡት አዛውንት ቦርሳዬን በዓይናቸው ሲመረምሩት ቆይተው ጠየቁኝ። ሐጂ ሰይድ ይባላሉ፤ ጋሸና ጨርቅ የሚነግዱ ሰው ናቸው።

“ልጄ፣ ይሄ የያዝሽው ምንድን ነው?”

“የደም ግፊት መለኪያ ነው፣ ሐጂ።”

“እንግዲያው ለኪኝ። ከወልድያ ጀምሮ ልቤ እየደለቀ ነው።”

እዚያው ወንበራቸው ላይ ለካኋቸው። ደህና ነበሩ። “አልሐምዱሊላህ” ብለው ሳይጨርሱ ከኋላ ሦስት እጆች ተዘረጉ። ሾፌሩ ሳይቀር ተለካ። መኪናው የተነሣው ግማሽ ሰዓት ዘግይቶ ነው፤ ማንም ግን አልተቆጣም። ሽማግሌና ቴክኖሎጂ አይገናኝም ያለው ሰው እዚያ አልነበረም።

ጋሸና ነፋሷ አጥንት ይሰብራል። መኪና ቀይሬ አሥራ አንድ ሰዓት ሲሆን ፍላቂት ገባሁ፤ አልጋ ይዤ፣ ሁለት ብርድ ልብስ ለምኜ ተኛሁ።

ማክሰኞ፤ ፍላቂት

የምፈልጋቸው ወይዘሮ እንጉዳይ ይባላሉ። ባላቸው የሞተባቸው፣ ከገብስ ማሳቸው ዳር ብቻቸውን የሚኖሩ ሴት ናቸው። መንደራቸው ከከተማው አንድ ሰዓት ተኩል የሚያስኬድ፣ ከገደል ሥር የተወሸቀ ነው። መንገዱን የመራችኝ የቀበሌዋ የጤና ኤክስቴንሽን ሠራተኛ ዘነበች ናት። የሴቶቹን አንድ ለአምስት ስብሰባ ለሌላ ቀን አዛውራ ነው አብራኝ የወረደችው።

ወይዘሮ እንጉዳይ ደጃፋቸው ላይ ተቀምጠው ቀኝ ጉልበታቸውን በጨርቅ ጠምጥመው ነበር። ስልኩን ስጠይቃቸው ከሞሰብ ሥር አወጡት፤ በንጹሕ ነጠላ ቁራጭ ተጠቅልሏል። በሶላር መብራታቸው ሲሞሉት ስለከረሙ ባትሪው ሙሉ ነው።

“ለምን መለካት አቆሙ?” አልኳቸው።

“ማን አቆመ? ትናንትም ተለካሁ፤ ዛሬም ተለካሁ። ኔትወርኩ ያለው እላይ ተረተሩ ላይ ነው። በየሁለት ቀኑ ይዤው እወጣ ነበር። ጉልበቴ ካበጠ ወዲህ ግን አልቻልኩም።”

ዘነበችና እኔ ተያየን። ሰባ ዓመት ያለፋቸው ሴት ያንን ዳገት ለእኛ ቁጥር ብለው ሲወጡ መክረማቸውን ሁለታችንም አናውቅም ነበር።

ስልኩን ይዤ ወደ ተረተሩ ወጣሁ። እኔን እንኳ ሁለቴ አሳርፎኛል። ጫፉ ላይ ስደርስ ስልኩ መንቀጥቀጥ ጀመረ፤ የሦስት ሳምንት ልኬት ተከታትሎ ሄደ። ቁጥሮቹን ቁጭ ብዬ አየኋቸው። የመጀመሪያዎቹ ጥሩ ነበሩ፤ ያለፉት አሥር ቀናት ግን ከፍ እያሉ ሄደዋል።

ተመልሼ ክኒናቸውን እንዲያሳዩኝ ጠየቅሁ። ከአሥር ቀን ወዲህ ለሁለት እየሰነጠቁ ሲወስዱት ሰንብተዋል።

“ግማሹን ምን አደረጉት?”

መልስ ከመስጠታቸው በፊት የጎረቤታቸውን ቤት አዩ። “ለእሷ ነዋ። በዚያ መሣሪያ ብለካት እንደኔው ነው ያሳየው። አብረን አርጅተን ብቻዬን ልዳን?”

ልቆጣቸው ተነሥቼ ነበር፤ አፌ ላይ ቀረ። ግማሽ ክኒን ሁለቱንም እንደማያድን ቀስ ብዬ አስረዳኋቸው። ጎረቤትየዋን ጠርተን ለካናት፤ እውነትም ከፍተኛ ነው። ዘነበች በማግስቱ ጤና ጣቢያ ወስዳ ካርድ ልታስወጣላት፣ ስልኩንም ለቤት ለቤት ጉብኝት ስትመጣ ወደ ተረተሩ ልታወጣላቸው ቃል ገባች።

ልንሄድ ስንል ወይዘሮ እንጉዳይ አንድ ነገር ትዝ አላቸው። “ይቺ ስልኩ ውስጥ ያለችው ልጅ ግን ማንን ነው የምትጠራው? ‘መድኃኒትህን ውሰድ’ ትላለች። ባለቤቴን መስሎኝ ‘አርፈዋል፣ የኔ ልጅ’ ብዬ መለስኩላት። በነጋታውም ያንኑ አለች።”

ዘነበች ከት ብላ ሳቀች፤ እኔም ሳቅሁ። ድምፁ የእኔ መሆኑን ግን አልነገርኳቸውም።

ረቡዕ፤ ከፍላቂት ወደ ላሊበላ

ወደ ጋሸና ተመልሼ ከዚያ የላሊበላውን መኪና ያዝኩ። ጥርጊያው መንገድ ስለሆነ አቧራው በመስኮት እየገባ ፊታችንን ዱቄት አስመሰለው። ከፍላቂት በያዝኩት በሶ ጾሜን ፈታሁ። ደጋው ገለባ ብቻ ቀርቶበታል፤ ወደ ላሊበላ ሲቀርቡ መሬቱ ይወርድና ይሞቃል። ማታ የሆቴሉ አስተናጋጅ አስጎብኚ የምፈልግ መስሎት ስለ አብያተ ክርስቲያናቱ ሊያስረዳኝ ሲጀምር፣ የመጣሁት ለመሪጌታ ኅሩይ መሆኑን ነገርኩት። “የቅኔው መምህር? ማን የማያውቃቸው አለ!” ብሎ ቤታቸውን በጣቱ አመለከተኝ።

ሐሙስ፤ የመሪጌታ ቤት

መሪጌታ ኅሩይ በሁለት ደርብ የድንጋይ ቤት ውስጥ ከልጃቸው ከፋናዬ ጋር ይኖራሉ። ዓይናቸው ማየት ካቆመ ብዙ ዘመን ሆኖታል። ሦስት ሰዓት ላይ ደጁ ላይ ቆሜ “እንደምን አደሩ፣ መሪጌታ?” አልኩ።

ሲያነብላቸው የነበረውን ተማሪ በእጃቸው ዝም አሰኙት።

“እስቲ ድገሚው።”

“እንደምን አደሩ?”

“አንቺ ነሽ በየማለዳው የምታዢኝ!”

ፋናዬ መሬት መሬት አየች። እሳቸው ቀጠሉ። “አርባ ዓመት ግስ አስተማርኩ። ጳጳስ ‘አንቱ’ ይለኛል። ተማሪዎቼ ባሉበት ከኪሴ ውስጥ አንዲት ልጅ ‘ውሰድ!’ ትለኛለች። ያውም በሁለት ሰዓት፤ ያውም በሁዳዴ፤ እኔ እስከ ዘጠኝ ሰዓት ውኃ በማልቀምስበት! እንግዲህ ምን ላድርግ? ዘጋሁትና ሣጥን ውስጥ አስቀመጥኩት።”

“መድኃኒቱንስ?”

“እሱንም አብሬ።”

ወረቀቱን የጻፈው ሌላ ሰው ነው ማለት እችል ነበር። ያነበብኩት ግን እኔ ነኝ፤ ለካህን፣ ለሴት፣ ለሽማግሌ እንደሚደርስ እያወቅሁ አንዴም ‘ይሄ ነገር ልክ ነው?’ ብዬ አልጠየቅሁም። ጎንበስ ብዬ ጉልበታቸውን ነካሁና “ይቅር ይበሉኝ፣ አባቴ” አልኩ። ክንዳቸውን ዘረጉልኝ።

አንድ መቶ ሰማንያ ስምንት በአንድ መቶ አሥራ ሁለት። አሁኑኑ ሆስፒታል እንሂድ ብዬ ለመንኳቸው። ፋናዬም ለመነች። “ከቅዳሴ በኋላ” አሉ፤ ከዚያ ቃል ንቅንቅ አላሉም። መለኪያውንና ስልኩን ከፍቼ ለፋናዬ አስረከብኳት። ከቅዳሴ እንደተመለሱ እንድትለካቸው፣ ቁጥሩ በቀጥታ እኔ ስልክ ላይ እንዲመጣ አድርጌ ወጣሁ። ቀኑን ሙሉ ከስልኬ ዓይኔን አልነቀልኩም።

አሥር ሰዓት ሊሆን ጥቂት ሲቀረው ቁጥሩ መጣ። ሁለት መቶ አሥራ አራት። ደወልኩ። ፋናዬ እያለቀሰች ነው።

“ኩባያው ከግራ እጃቸው ወደቀ። አፋቸውም ተያዘ፣ ሲስተር። ደክሟቸው መስሎን ልናስተኛቸው ነበር፤ ቁጥሩን ሳይ ነው የደነገጥኩት።”

“እንዳታስተኟቸው! ምንም አታቅምሷቸው። መጣሁ።”

ባጃጅ ይዤ ሄድኩ፤ ባጃጁ ግን በዚያ የድንጋይ መተላለፊያ አይወጣም። ጎረቤቶች ተሸክመው አወረዷቸው። ከቤታቸው ሆስፒታል አልጋ ላይ እስኪደርሱ ግማሽ ሰዓት አልፈጀም። ሐኪሙ መርምሮ ሲወጣ ያለን ይህን ነው፦ ሲነጋ እናያለን ብላችሁ አስተኝታችኋቸው ቢሆን ኖሮ ሌላ ነገር ነበር የምናወራው።

ዓርብ

መሪጌታ ተረፉ። አንደበታቸው ከሞላ ጎደል ተመለሰ፤ ግራ እጃቸው ግን ሰነፈ። ስገባ በእግሬ ኮቴ አወቁኝ።

“ጥፋቱ ያንቺ ብቻ አይደለም” አሉ ቃላቱን አንድ በአንድ እየለቀሙ። “በአንድ ቃል ተቀይሜ ነፍሴን ልጥል። ተማሪዬ እንዲህ ቢያደርግ ትዕቢት ነው እለው ነበር።”

ሐኪሙ ክኒኑ በቀን አንድ ጊዜ የሚወሰድ ስለሆነ፣ ሰዓቱ በየቀኑ አንድ ዓይነት ይሁን እንጂ ዘጠኝ ሰዓት ተኩል ላይ መሆን እንደሚችል ነገረን። የንስሐ አባታቸውም መጥተው “እንዲህ እንደታመሙ መጾምዎ ይቅር” ቢሏቸው እስኪያገግሙ ድረስ እሺ አሉ። ከዚያ ስልኩን አምጪው አሉኝና እኔ እየቀረጽኩ እሳቸው አረሙኝ። ሦስቴ አስደገሙኝ። በሦስተኛው “አባታችን፣ ሰዓቱ ደርሷል፤ መድኃኒትዎን ይውሰዱ” ስል “አሁን እሺ። ለሴቶቹም ለየብቻ አድርጊ” አሉ።

ከሰዓት ኃላፊዬ ደወለ። “ስንቱን ሰበሰብሽ?”

“አንዱንም። አልሰበስብም።” ከዚያ የሆነውን ሁሉ ነገርኩት። “ሌሎቹም ጋ የሚናገረው ያው ድምፅ ነው እኮ” አለ በመጨረሻ። እኔንም ሌሊቱን ሙሉ ያሳሰበኝ እሱ ነበር።

ቅዳሜና እሑድ፤ ወደ ደሴ

ቅዳሜ ከላሊበላ ወጥቼ ወልድያ አደርኩ፤ እሑድ ቀትር ላይ ደሴ ገባሁ። መንገድ ላይ ለሰኞ የሚሆነውን ሥራ በማስታወሻዬ ጻፍኩ፦ ለወንድ፣ ለሴትና ለካህን የተለያየ ድምፅ፤ ሰዓቱን ባለቤቱ ይምረጥ፤ ቁጥር ሲቋረጥ መጀመሪያ ሰውየው ይጠየቅ። ይህ ሁሉ ስልኩን ከመስጠታችን በፊት መታወቅ ነበረበት። ለማወቅም ቴክኖሎጂ አያስፈልግም ነበር፤ አንድ ቀን ቤታቸው ተቀምጦ ማዳመጥ ይበቃ ነበር። መሪጌታ ከፋሲካ በኋላ ወንበራቸው ላይ ተመልሰው ማስተማር ጀመሩ። ወይዘሮ እንጉዳይም ከነጎረቤታቸው ቁጥራቸው ይደርሰኝ ጀመር።

ያን እሑድ ቤት ስገባ እናቴ ሳሎን ቁጭ ብላ ሽንኩርት ትልጥ ነበር። ስድሳ ስምንት ዓመቷ ነው፤ አንድ ጣሪያ ሥር ነው የምንኖረው። ቦርሳዬን ሳላስቀምጥ መለኪያዬን አወጣሁና አጠገቧ ተቀመጥኩ።

“እማ፣ እስቲ ክንድሽን።”

ቢላዋውን አስቀምጣ እጇን በቀሚሷ ጠረገች። እየጠቀለልኩላት ሳለ አየችኝ።

“ሲስተር ናት ሲሉሽ እሰማለሁ” አለች፤ “እጄን ስትይዢኝ ግን ዛሬ መጀመሪያዬ ነው።”

መለኪያው አንድ መቶ ስድሳ ስድስት አለ። ሰኞ ጠዋት ቢሮ ከመግባቴ በፊት ጤና ጣቢያ ይዣት ሄድኩ።