ሾላው ሥር

ትምህርት ቤት ሳልገባ አውሬውንም ወፉንም በድምፁ ለይቼ የማውቅ ሰው ነኝ፤ አዳማ ውስጥ የሚተካከለኝ አስጎብኚ የለም። ዘንድሮ ባልና ሚስት ጡረተኞችን ከወንጂ ተቀብዬ፣ ጉሬዛ ላሳያቸው ከአርሲ ነገሌ በላይ ወዳለው ደን ይዤ ወጣሁ። ሦስት ቀን ዝናብ ወረደብን። ጉልበቴ ዛለ፤ ጉሬዛ ግን የለም። ስሜ መጥፋቱ ነው አልኩ። በመጨረሻው ጥዋት አንድ ሾላ ሥር ዘፍ አልኩ።

«ጋሼ፣ ጡረታ የወጣው ጉሬዛው ነው ወይስ እርስዎ?» አሉኝ ባልየው።

«ፍሬው በስሏል፤ ከእንግዲህ እነሱ ይምጡ» አልኩ። መነሳቱም አቅቶኝ ነበር።

ጥቂት ቆይቶ ቅርንጫፉ ተናወጠ። ጉሬዛዎቹ ነጭ ጭራቸውን አንዠርግገው ከአናታችን በላይ ሰፈሩ። ሚስትየዋ አፋቸውን በእጃቸው ያዙ።

በዚያ ጉዞ ጉሬዛ አሳየሁ፣ ቀልደኛውን ዝም አሰኘሁ፣ ማንም ሳይደግፈኝ ተራራውን ወረድኩ፣ እስከ አዳማ ድረስም መኪና ውስጥ አንኮራፋሁ።