ወለምታ የተባለው ዳሌ

ምን ጥልቅ አደረገኝ እቴ! ሀ ሁ የማልለይ፣ የራሴን ጉልበት እንኳ አሽቼ የማላድን ሴትዮ፣ በሰው ዳሌ ገብቼ ስሟገት ልጅነቴን ጨረስኩ። ይኸው እስከ ዛሬ ዳሌ ሲባል ደሜ ይፈላል።

የቀሰቀሰችብኝ የልጅ ልጄ ሰናይት ናት። ደብረ ብርሃን ሐኪም ቤት ኮምፒውተር ላይ ተቀምጣ ለበሽታ ሁሉ ቁጥር ትሰጣለች፤ እንጀራዋ ይኸው ነው። ባለፈው እሑድ መጥታ፣ ከጎረቤቴ ከዘርፌ ጋር ሆነን የባቄላ እሸት ስንፈለፍል፣ “ዳሌው የተሰበረ ሰውስ ቁጥር አለው?” አልኳት።

“እምዬ፣ ዳሌ ብቻ አይበቃም። የጭኑ ራስ የሚገጥምበት ጎድጓዳው ነው ወይ? ቀኙ ነው ግራው? ወድቆ ነው፣ ፈረስ ረግጦት ነው፣ መኪና ገጭቶት ነው? ሁሉም የየራሱ ቁጥር አለው።”

“ፈረስም አለው?”

“ፈረስም አለው።”

ሳቄ መጣ። ከሳቄ ኋላ ደግሞ ንዴቴ።

እኔ ተድሬ አንኮበር ስገባ ቁጥር የሚባል ነገር የለም። የአጥንት ነገር ሦስት ስም ብቻ ነበረው፦ ወለምታ፣ ውልቃት፣ ስብራት። ስሙን የሚሰጠው ወጌሻው ነው። ስሙ ደግሞ ቀልድ አይደለም። በእኛ መንደር ወለምታ ያደረሰ ሰው በቅጠል የተጠቀለለ ቅቤ ይዞ ይመጣና “እግዜር ይማርሽ” ብሎ ይወጣል። ስብራት ከሆነ ግን የተሰበረው ሰው እስኪነሣ ድረስ ሰባሪው አዝመራውን ያጭድለታል።

እትዬ ደስታ ባሏ የሞተባት ጎረቤቴ ነበረች። የዓመት ጉርሷ ከቤቷ ጀርባ ያለችው የገብስ ማሳ ናት። ለመስቀል ወንዶቹ ጉግስ ሲጫወቱ፣ የጭቃ ሹማችን ልጅ ፈረሱን ለቀቀና ውሃ ቀድታ ስትመለስ ከነእንስራዋ ደፈጠጣት። አባቱ መሬቱም ዳኝነቱም በእጁ ያለ ሰው ነው። መንደሩ ሁሉ አይቷል። ልጁ ወርዶ መጀመሪያ የዳበሰው የፈረሱን እግር ነው።

ወጌሻው መጣ፤ እሱም የጭቃ ሹሙን መሬት የሚያርስ ጭሰኛ። “እግሯን ያዢ” ተባልኩና ያዝኩ። ሲጎትተው ከውስጥ እንደ ቆሎ ሲንኮሻኮሽ በእጄ ተሰማኝ። ወጌሻውም ተሰምቶታል። ቀና ብሎ ደጃፉ ላይ የቆመውን ጭቃ ሹም አየና፣ “ወለምታ ነው” አለ።

“ወለምታ ይንኮሻኮሻል እንዴ፣ አባባ?”

“አንቺ ሙሽራ፣ ዝም ብለሽ ቅቤውን አቀብዪ።”

ቅቤው አለቀ፣ እትዬ ደስታ አልተነሣችም። ባሌና ጓደኞቹ በቃሬዛ ተሸክመዋት ወደ ደብረ ብርሃን ወጣን። የጭቃ ሹሙ ልጅ አስታማሚ ነኝ ብሎ በበቅሎ ተከተለን፤ አያፍርም! ዳገቱን ወጥተን ሜዳው ላይ ስንደርስ ብርዱ ጆሮ ይቆርጣል፤ የክረምቱ ጭቃ ገና አልደረቀም። ቃሬዛው በተንገጫገጨ ቁጥር ነጠላዋን ትነክሳለች። መንገድ ላይ የበላነው በሶ ከዚያችው ከገብሷ ነው። ስለ እግሯ አንድ ቃል አላወጣችም፤ “ገብሴን ማን ያጭድልኝ ይሆን?” ብቻ ትለኛለች።

ሐኪም ቤት ስንደርስ ድሬሰሩ፣ የዚያን ጊዜው ቁስል አሳሪ ሐኪም፣ ዳበሳትና፣ “የዳሌዋ ጎድጓዳ ተሰብሯል” አለ። እልል አልኩ! ሰው ተሰበረ ሲባል እልል የምትል እብድ አይታችሁ ታውቃላችሁ?

“ምን ሆና ነው?” አለ ድሬሰሩ።

“ወደቀች” አለ የጭቃ ሹሙ ልጅ፣ አንገቱን ሰበር አድርጎ።

“ውሸታም! በፈረስ ደፍጥጠሃት ነው! ይጻፉት ጌታዬ፣ የሰበራት ይሄ ነው!”

ድሬሰሩ ቀና ብሎም አላየኝ። “እኔ የአጥንቱን ስም እጽፋለሁ እንጂ የሰባሪውን አልጽፍም፣ እህቴ።”

እሷን አስተኝተው እግሯን በአሸዋ ከረጢት ወጥረው አሰሩት። እኛ ተመለስን፤ ሽማግሌ ተቀመጠ። ጭቃ ሹሙ ጋቢውን አጣፍቶ፣ “ስብራት ከሆነም ይሁን። ሐኪሙ ፊትም ወደቀች ተብሏል። ለወደቀች ሴት ልጄ ምን አገባው?” አለ። በዓይናቸው ያዩት ወንዶች ጢማቸውን ያሻሉ። ይብሉ አፈር!

ገብሱ ደረሰ። እኔና ባሌ ማጭድ ይዘን ብንወጣ ጭቃ ሹሙ አጥሩ ላይ ቆሞ፣ “አሃ! የሚያጭድ ሰባሪው አይደል? ለካ እናንተ ናችሁ የሰበራችኋት!” አለን። ባሌ ማጭዱን ጣለ። ከዚያ ወዲያ ማንም ወደዚያ ማሳ ዝር አላለም። ዝንጀሮ ከገደሉ እየወጣ እሸቱንም ደረቁንም ጨረሰው። እትዬ ደስታ በምርኩዝ እያነከሰች ስትመለስ ያገኘችው ገለባ ነው። ጎጆዋን ዘግታ ጫጫ ከተማ ያለች እህቷ ዘንድ ጥገኛ ሆና ገባች፤ እዚያው ሞተች።

እኔስ ዝም አልኩ? ለዚያ ልጅ “ወለምታ” ብዬ ስም አወጣሁለት። ምንጭ ላይ፣ ገበያ፣ ቤተ ክርስቲያን ደጃፍ፣ “ወለምታ፣ እንደምን አደርክ?” እለዋለሁ። አማቴ ቆነጠጠችኝ፣ ባሌ ተቆጣኝ፤ አልተውኩም። እረኞቹ ያዙት፣ ኋላ ሚስቱም ያዘችው። ሸምግሎ የሞተ ጊዜ በክርስትና ስሙ ቢለፈፍ ሰው ማን እንደሆነ አላወቀም፤ ወለምታ ሞተ ሲባል ነው ለቀስተኛው የመጣው።

ይህን ለሰናይት ነግሬ፣ “ልጄ፣ የአጥንቱ ቁጥር አለሽ፣ የፈረሱም አለሽ። የፈረሰኛውስ?” አልኳት።

“እሱ የለኝም፣ እምዬ።”

ታዲያ ምኑን ሠለጠናችሁ ልላት አፌን ስከፍት፣ ያን ጊዜ ሕፃን የነበረችው ዘርፌ ከባቄላው ቀና ሳትል ቀደመችኝ።

“ያኔ ስም አወጣሽለት፣ ዛሬ ደግሞ ቁጥር ትፈልጊለታለሽ። ገብሱን እንደሆነ ዝንጀሮ በልቶታል።”