በማዳም ግድግዳ ላይ የነበሩት ፈረንሳዮች

ባለፈው ሳምንት እዚህ አሜሪካ፣ አሌክሳንድርያ፣ መሥሪያ ቤቴ ሊፍት ውስጥ፣ ካፖርት የለበሱ አንዲት አሮጊት አጠገቤ ቆሙና የካፖርታቸው የናፍታሊን ሽታ ወደ ሰባት ዓመቴ፣ ሲልቨር ስፕሪንግ ወደነበረው የማዳም ጸዳለ ሳሎን ይዞኝ ሄደ። ማዳም አዲስ አበባ ፈረንሳይኛ ሲያስተምሩ የኖሩ ጎረቤታችን ነበሩ፤ እማዬ ከፓርኪንግ ሥራዋ እስክትመለስ የሚጠብቁኝ እሳቸው ናቸው። ግድግዳቸው ላይ ከእመቤታችን ሥዕል ቀጥሎ፣ ከአሮጌ የቀን መቁጠሪያ ተቆርጠው ፍሬም ውስጥ የገቡ ታላላቅ ፈረንሳዮች ተደርድረዋል።

የግድግዳ ሥዕል ይሳማል ተብዬ ያደግሁ ነኝና በመጀመሪያው ቀን ጢማሙን ሳይንቲስት፣ ዊግ ያጠለቀውን የቲያትር ደራሲ፣ ሁሉንም በየተራ ተሳለምኳቸው። ማዳም አልሳቁብኝም። «እነዚህ አይሳሙም፣ የኔ ልጅ፤ ታሪካቸው ነው የሚሰማው» አሉኝ። ከዚያ በኋላማ መክሰሴን እየረሳሁ እሰማ ጀመር፤ ጢማሙ በእብድ ውሻ የተነከሰውን ልጅ እንዴት ከሞት እንዳስጣለው፣ በልጅነቱ ዓይኑን ያጣው ሰው ዓይነ ስውራንን እንዴት በጣታቸው እንዳስነበበ። ሰው ይህን ሁሉ መሥራት መቻሉ ያስፈራኝ ነበር፤ ደስ የሚል ፍርሃት።

አንድ ምሽት ታዲያ ጸሎት ላይ ከቅዱሳኑ ስም ቀጥዬ «ጢማሙ ሰውዬም ይጠብቀን» አልኩ። እማዬ ደነገጠች። በማግስቱ ልትወስደኝ ስትመጣ፣ ማዳምን ላለማስቀየም የሥራ ስኬጁሏ እንደተቀየረና ከእንግዲህ እንደማልመጣ በትሕትና ነገረቻቸው። እኔ የሶፋውን እጀታ ይዤ አለቀስኩ። ማዳም ነገሩ ገብቷቸዋል፤ ግን አልተከራከሩም።

እማዬ እጄን እየጎተተች ሳለ ዓይኗ ከሥዕሎቹ መካከል የብረት ጥሩር የለበሰች ልጃገረድ ላይ አረፈ። ማን እንደሆነች ጠየቀች። ማዳም የገበሬ ልጅ መሆኗን፣ ቅዱስ ሚካኤል አናገረኝ ብላ ጦር መምራቷን፣ በአሥራ ዘጠኝ ዓመቷ ገደማ በእሳት መቃጠሏን ቀስ ብለው ነገሯት። እማዬ ቦርሳዋን ትከሻዋ ላይ እንዳንጠለጠለች ቆማ ሰማች። ሲጨርሱ አማተበችና ሥዕሉን ተሳለመች።

«ስኬጁሉን እኔ ፊክስ አደርገዋለሁ፣ ማዳም» አለች እማዬ፤ «ነገም ትምጣልዎ።»

ማዳም ካረፉ ቆዩ፤ ሥዕሎቹ የት እንደገቡ አላውቅም። የእነዚያን ሰዎች ታሪክ ዛሬ በስልኬ አነበዋለሁ፤ ማዳም ያልነገሩኝም ብዙ አለ። ሰውን ያን ያህል ትልቅ አድርጎ የሚያሳየኝ ሰው ግን ከእሳቸው ወዲህ አላገኘሁም።