ብሪድን ክርስትና ላነሣ ስሄድ

ቅዳሜ፣ ሊነጋጋ ሲል፤ አምስተርዳም፣ ኒው ዌስት

እኔ መንገድ ስወጣ የሚከብደኝ ሻንጣ አይደለም፤ ሰው ነው። የዛሬው ሸክሜ ጋሼ ደምሴ ናቸው። ከእኔ በላይ ያለው ፎቅ ላይ ይኖራሉ፤ አምስተርዳም ከመጣሁ ጀምሮ አባትም አጎትም ሆነውኛል፤ ሲያኮርፉ ግን እግዜር ያውጣችሁ! ልጃቸው ዮናስ ከሚስቱ ከክሌር ጋር ዴን ሃግ ይኖራል። ክሌር አይርላንዳዊት ናት። ነገ ሮተርዳም ባለችው ቤተ ክርስቲያናችን የመጀመሪያ ልጃቸው ክርስትና ትነሣለች፤ የክርስትና እናቷ ደግሞ እኔ ነኝ። ሰማንያ ቀኗ በሳምንቱ መሐል ስለዋለ ነው ወደ እሑድ የተሻገረው።

ልጅቷ ብሪድ ትባላለች። ጣጣውም ይኸው ነው። ከተወለደች ጀምሮ ጋሼ ይህን ስም ከአፋቸው አውጥተውት አያውቁም። «ሕፃኗ» ይሏታል፤ «እንግዳዋ» ይሏታል፤ ሲብስባቸው «ያቺ የዮናስ ልጅ» ይሏታል፤ ዮናስ የማን ልጅ እንደሆነ የረሱ ይመስል። ክሌር ባለፈው ደውላ «አንድ ቀን እንኳ የልጄን ስም ከአያቷ አፍ ብሰማ ምን ነበረበት?» ብላ አለቀሰችብኝ። እኔም አንጀቴን ብትበላኝ «ለክርስትናዋ ትሰሚያለሽ፣ እኔ አለሁልሽ!» ብዬ ፎከርኩ። ምላሴን ይቁረጠው! ጋሼን ማን አስገድዶ ሊያስጠራቸው ነው?

ትራም ማቆሚያው ላይ ብርዱ ያንገበግባል። ሚያዝያ ነው ይላሉ፤ ለስሙ። ጎረቤታችን እትዬ ዘነበች በነጭ ጨርቅ የተጠቀለለ፣ የመኪና ጎማ የሚያህል ድፎ ዳቦ ታቅፈው እየሮጡ ደረሱ። ትናንት ራሳቸው የደፉት ነው፤ ገና ሽታው ያስርባል። ለጋሼ አስታቀፏቸውና ትራሙ በሩን ሲዘጋ ከውጭ ሆነው ጮኹ።

«አልማዝን ሳሙልኝ!»

ዞር ብዬ ጋሼን አየኋቸው። እሳቸው መስኮቱን ያያሉ። አልማዝ ማለት የጋሼ ሟች ባለቤት፣ የዮናስ እናት ናቸው።

ቅዳሜ ጠዋት፤ ባቡር ውስጥ

ጣቢያው ላይ ለአንድ ኩባያ ሻይ አራት ዩሮ ከፍዬ፣ ሻዩን ሳይሆን ብስጭቴን እየጠጣሁ ተሳፈርኩ። ጋሼ ድፎውን ጭናቸው ላይ አድርገው ተቀምጠዋል። ቲኬት ተቆጣጣሪው «እንዴት ደስ የሚል ሽታ ነው!» ሲላቸው በደች አመሰገኑት፤ እኔን ግን ቀና ብለውም አላዩኝ። እጄን ሰድጄ የጨርቁን ጫፍ ገለጥ አደረግሁ። የዳቦው ገጽ ላይ በሊጥ የተሠሩ ፊደላት ወርቃማ ሆነው በስለዋል፦ አልማዝ።

«ጋሼ! ምን አድርገው ነው?»

«ምን አደረግሁ? ዳቦ አስደፋሁ።»

«የተጻፈውስ?»

«ፊደል ነዋ። ማንበብ ተሳነሽ ሰናይት?»

«ለሠፈሩ ሁሉ ልጅቷ አልማዝ ትባላለች ብለው ነው እንዴ ያወሩት?»

ወደ መስኮቱ ዞሩ። በመስኮቱ ሜዳው ይሮጣል። በጎች፣ ቦዮች፣ አንድ ብቸኛ ሽመላ፣ ከዚያ ድንገት ቀይና ቢጫ የቱሊፕ አበባ ጥለት እንዳለው ነጠላ ተዘርግቶ። ጋሼ ዝቅ ባለ ድምፅ ተናገሩ።

«በእኛ ቤት ስም የሚያወጣው አያት ነው። እኔን አያቴ ናቸው ደምሴ ያሉኝ። ዮናስን አባቴ ናቸው ያወጡለት። የእኔ ተራ ሲደርስ ሆስፒታል ብሄድ ስሟ ወጥቶ ጠበቀኝ። አንድ ሰው፣ አንድ ሰው እንኳ ‹አባዬ፣ ማን እንበላት?› አላለኝም። ደግሞስ ትርጉሙ ምንድን ነው? እኔ ስሰማው የባቡር ፍሬን ነው የሚመስለኝ።»

«ጠይቀው ያውቃሉ ትርጉሙን?»

«ያልጠየቀኝን ሰው ምን ብዬ ልጠይቅ?»

እውነትም ስላላቸው አዘንኩላቸው፤ ስለ ድፎው ግን እየሰጋሁ ዴን ሃግ ደረስን።

ቅዳሜ፣ ምሳ ሰዓት፤ ዴን ሃግ

ዮናስ በር ላይ ተቀበለን። ክሌር ሕፃኗን ይዛ «አባዬ፣ እንኳን ደህና መጡ» ስትል ጋሼ ግንባሯን ስመው «ሕፃኗ ደኅና ናት?» አሏት። ክሌር ወደ እኔ አየች። እኔ ወደ ጣሪያው።

ከወጥ ቤት ጉንጫቸው የቀላ፣ እጅጌያቸውን የሰበሰቡ አጭር ሴትዮ ወጡ። የክሌር እናት ሞራ ናቸው፤ ለክርስትናው ከአይርላንድ መጥተዋል። የሠሩት ምሳ በግ በድንችና በካሮት ነው። ጋሼ ቀመሱና «አልጫ ነው፤ እርዱን ረስተውት ነው እንጂ» አሉኝ በጆሮዬ። ሁለት ጊዜ ግን አስጨመሩ።

ምሳው እንዲህ ሞቅ ብሎ ሳለ ነው ዮናስ «አባዬ ያመጣው ድፎ የታለ?» ብሎ ጨርቁን የገፈፈው። አነበበ። ፊቱ ልውጥ አለ።

«አባዬ፣ ይሄ ምንድን ነው? የልጄ ስም አልማዝ አይደለም!»

«የእናትህ ስም አስጠላህ?»

«እማዬን ለምን ታመጣታለህ? ስም ወጥቷል፣ አበቃ፣ klaar! ነገ ይሄን ዳቦ ሰው ፊት ልናቀርበው ነው? ክሌር ምን ይሰማታል?»

«እኔ ምን እንደተሰማኝ ጠይቀኸኛል?»

ሕፃኗ ማልቀስ ጀመረች። ጋሼ ካፖርታቸውን አነሡ። እውነቴን ነው፣ ክርስትናው ያለ አያት ሊሆን ነው አልኩ። በዚህ መሐል ሞራ ማንኪያቸውን ይዘው «ምንድን ነው የተጻፈው?» ብለው ጠየቁኝ። የሞራ እንግሊዝኛ እንዴት እንደሚሮጥ! ከሦስት ቃል አንዱን ነው የምይዘው፤ የቀረውን ክሌር እየደገመች ታቀብለኛለች። ነገርኳቸው፤ የጋሼ ሟች ሚስት ስም ነው፣ የልጅቷ አያት።

ሞራ ማንኪያውን አስቀመጡና ቀጥ ብለው ወደ ጋሼ ሄዱ።

«ብሪድ እኮ የእኔ እናት ናት» አሉ። «በእኛ አገር የመጀመሪያዋ ሴት ልጅ ስሟ ከእናት ወገን ካሉ ሴቶች ይመጣል። እናቴ ከሞተች ወዲህ ቤታችን ውስጥ ብሪድ ብሎ የሚጠራ ጠፋ፤ እኔም ናፈቀኝ። እርስዎም የሠሩት እኔ የሠራሁትን ነው። እኔ ቀደምኩዎት እንጂ።»

ተረጎምኩላቸው። ጋሼ ካፖርታቸውን አንድ እጅጌ አጥልቀው ቆመው ቀሩ። ከዚያ ለመጀመሪያ ጊዜ ጠየቁ።

«ትርጉሙ ምንድን ነው በያት።»

«ከፍ ያለች፣ የላቀች ማለት ነው» አሉ ሞራ። «የቅድስት ስም ነው። በዓሏ በጥር ማለቂያ፣ በፈረንጅ ፌብሩዋሪ አንድ ቀን ነው የሚውለው። ሕፃኗም የተወለደችው በዚያው ዕለት ነው።»

እዚህ ላይ ታሪኩን ትንሽ አሳምሬ ሳልተረጉም አልቀረሁም። ሞራ ስሙ ከክርስትና በፊትም ነበረ፣ ጥንት የምትመለክ ሴት ስም ነበር ብለዋል። ይህችን ለጋሼ አላቀበልኳቸውም። እንኳን ይህን ሰምተው እንዲያውም!

«በበዓሏ ዕለት ነው የተወለደችው?» አሉ ጋሼ። ድምፃቸው ተለወጠ። «ይህን ማንም አልነገረኝም! በጊዮርጊስ ዕለት የተወለደ ምን ይባላል? ወልደ ጊዮርጊስ አይደል? ታዲያ ይቺ ስሟን ይዛ ነው የመጣችው በሉኛ!»

ቅዳሜ ከሰዓት፤ ከቤቱ ጀርባ ያለው ቦይ

ሞራ ደስ አላቸው መሰለኝ፣ ጋሼን እጃቸውን ይዘው ወደ ውጭ አወጧቸው። ተከተልኩ፤ ያለ አስተርጓሚ ምን ሊነጋገሩ ነው? ከፎቆቹ ጀርባ ቦይ አለ፤ ዳክዬዎች፣ አንድ የተጣለ ብስክሌት፣ በዳር በዳሩ ደግሞ ለምለም ረጅም ሣር። ሞራ ጎንበስ ብለው ሣሩን ከሥሩ እየሳቡ ይነቅሉ ጀመር። በበዓሏ ዋዜማ ሳይቆረጥ በእጅ ነው የሚነቀለው አሉ። ከዚያ መስቀል ይጎነጉኑበታል፤ በበር ላይ ይሰቅሉታል፤ ከእሳት ይጠብቃል፣ ላምም ወተት አትነሣም።

ጋሼ አንዱን ዘለላ አንሥተው ሰነጠቁት፣ አሸተቱት።

«ሰናይት! ይሄ እኮ ቄጤማ ነው!»

«ቢሆንስ?»

«ቢሆንስ ትላለች! ለቅዳም ሥዑር ቄጤማ ጠፋ ብለን ከሱፐርማርኬት የሽንኩርት ቅጠል የሚመስል ነገር ጭንቅላታችን ላይ አላሰርንም? ለካስ እዚህ ቆሞ ይጠብቀን ነበር!»

ሣቄን መያዝ አቃተኝ። ሞራ ምን እንደሆነ ጠየቁኝ፤ ነገርኳቸው። እሳቸውም ሣቁና የቅድስቲቱን ታሪክ ያወጉን ጀመር። አንድ ባላባት ሊሞት ሲያጣጥር አጠገቡ ተቀምጣ፣ ወለሉ ላይ የተጎዘጎዘውን ሣር አንሥታ ነው አሉ መስቀል የጎነጎነችለት።

«ቤት ውስጥ ይጎዘጉዙ ነበር?» አሉ ጋሼ ዓይናቸው ፈጥጦ። «በይ ሌላስ?»

ሌላማ ሞልቷል። ለድኻ ምግብ ስትሰጥ የማያልቅባት፤ ውሃ ባርካ ጠላ የምታደርግ («ይቺማ የእኛው ናት!» አሉ)፤ ንጉሡን «ካባዬ የሚሸፍነውን ያህል መሬት ስጠኝ» ብላ፣ ካባዋ አገር ያለበሰላት። የአባቷን ሰይፍ ደግሞ ለአንድ ድኻ ለግሳዋለች።

«የአባቷን ሰይፍ? ዮናስ አለቀለት! ይቺ ልጅ ስታድግ ቤቱን ባዶ ታስቀረዋለች።»

ሁለቱ አግዳሚ ወንበር ላይ ጎን ለጎን ተቀምጠው ሲጎነጉኑ ዋሉ። የሞራ መስቀል መሐሉ አራት ማዕዘን፣ አራቱም ክንዱ በክር የታሰረ ነው። ጋሼ ለሆሣዕና ከዘንባባ እንደሚሠሩት ቀለበት ሠሩ። ሞራ የጋሼን እጅ እየመቱ ያርማሉ፤ ጋሼ በአማርኛ ይከራከራሉ። እኔን የፈለገኝ የለም። ከአሥራ አምስት ዓመት በፊት እትዬ አልማዝ ካረፉ ወዲህ ጋሼ እንዲህ ሲሣቁ አይቼ አላውቅም፤ ደስታው ዓይኔ ላይ ውሃ አመጣብኝ።

ማታ ዮናስ ፊደሎቹን በቢላ ሊፍቃቸው ሲል ክሌር ከለከለችው።

«ተዋቸው። ሁለቱም ሴቶች ክርስትናው ላይ ይገኙ።»

ጋሼ ሰምተዋል። ስሙን ግን አሁንም አልጠሩትም። «ሕፃኗ ብርድ እንዳይመታት» ብለው ተኙ። እኔ ፎካሪዋ ተጨነቅሁ።

እሑድ ጠዋት፤ ሮተርዳም

ዮናስ የወደብ ሠራተኛ ነው፤ የሮተርዳምን መንገድ ዓይኑን ጨፍኖ ያውቀዋል። ድልድዩ ላይ ስንደርስ ክሬኖቹ በጭጋግ ውስጥ ቆመው ታዩ። «እዚያ ነው የምሠራው» አለ ለሞራ። ሞራ አማተቡ፤ ለምን እንደሆነ አላውቅም፤ ጋሼም ተከትለው አማተቡ።

ቤተ ክርስቲያናችን ከደቾች የተከራየነው አዳራሽ ነው። ምንጣፍ ተነጥፏል፣ መጋረጃ ተሰቅሏል፣ ሕፃናት በደች እየተጯጯኹ በነጠላ ይሮጣሉ። አንዲት የአምስት ዓመት ልጅ ቄሱን «አንተ፣ ዛሬ ስንት ቤቢ አለ?» ስትላቸው እናቷ በአፏ ላይ እጇን ጫነች። ቄሱ ሣቁ።

ተራችን ደረሰ። ሕፃኗን ታቅፌ ቆምኩ። ክሌር በቀኜ፣ ሞራ ከኋላ፣ ጋሼ ከሞራ አጠገብ ኮፍያቸውን በሁለት እጃቸው ይዘው። ቄሱ ጎንበስ ብለው ጠየቁኝ።

«መጠሪያ ስሟ ማን ነው?»

መልሱ የእኔ ሥራ ነው፤ የክርስትና እናት ነኝ። አፌን ከፈትኩ።

«ብሪድ!»

እኔ አይደለሁም። አዳራሹ ሙሉ ዞረ። ጋሼ ደምሴ አንገታቸውን አቅንተው ቆመዋል።

«ብሪድ ነው የምትባለው አባ። ከፍ ያለች ማለት ነው። ቅድስት ናት፤ ልጅቷም የተወለደችው በበዓሏ ነው፤ ለድኻ የአባቷን ሰይፍ—»

«ጋሼ ደምሴ፣» አሉ ቄሱ፣ «ስሟን ብቻ ነው የጠየቅሁት።»

ሰዉ በሣቅ ፈረሰ። ክሌር ነጠላዬን ጨብጣ በአንድ ጊዜ ታለቅሳለች፣ ትሥቃለች። ብሪድ ግን ውሃው ሲነካት አገሩን በጩኸት አናጋችው፤ ወለተ ሥላሴም ተባለች፣ ማዕተብም ታሰረላት። ጸሎቱ ሲያልቅ ድፎው ቀረበ። በላዩ «አልማዝ» የሚለው እንዳለ ነው፤ ከአጠገቡ የሞራ የቄጤማ መስቀል አረንጓዴ ሆኖ ተቀምጧል። ማንም ለምን ብሎ አልጠየቀም፤ ሁሉም ርቦታል።

ጋሼ የጎነጎኑትን ትንሽ ቀለበት ከኪሳቸው አውጥተው በሕፃኗ ጣት አጠለቁት፤ ሰፋትና ወለቀ። «ታድጊበታለሽ፣ ብሪድ» አሏት። ደግመው ጠሩት!

እሑድ አመሻሽ፤ ኒው ዌስት

ስንመለስ ባቡሩ ውስጥ ጋሼ ጭናቸው ላይ ከድፎው የተረፈ ቁራሽ ይዘው አንቀላፉ። በእንቅልፋቸው መሐል እንኳ ቁራሹን አልለቀቁትም። ከትራም ወርደን ሕንፃችን በር ላይ ስንደርስ እትዬ ዘነበች ቆሻሻ ሊጥሉ ወጥተው አገኙን።

«እንኳን ደህና መጣችሁ! ድፎው ጣፈጠ? አልማዝስ እንዴት ናት?»

እኔ መሬት ብትከፈት ምርጫዬ ነበር። ጋሼ ግን ቁራሹን አስጨበጧቸውና ኮፍያቸውን አወለቁ።

«አልማዝማ፣ ነፍሷን ይማር፣ ካረፈች ቆየች» አሉ። «ብሪድ ግን ደኅና ናት።»