ከገበዙ ወደ ምስለኔው፣ ከምስለኔው ወደ አንኮበር

እኔ ዳዊት ለመድገም ሳልደርስ ከየኔታ የሸሸሁ ሰው ነኝ፤ በነገር ግን ከደብረ ብርሃን እስከ መዘዞ የሚረታኝ የለም። ይሄን የምለው እኔ ብቻ አይደለሁም፤ እናቴም ትላለች። አምና ግን የገዛ አፌ ረታኝ።

አባቴ ሲሞት ከወንዙ ዳር ያለችውን የገብስ መሬት ተወልኝ። ሰኔ ገብቶ በሬ ጠምጄ ብወጣ፣ ያባቴ ያጎት ልጅ፣ ሽበታም ሽማግሌ፣ ማሳው መሀል ተገትሮ "የኔ ድርሻ ናት" አይለኝም!

"አያ፣ አባቴ በሕይወት ሳለ የት ነበሩ?"

"አባትህን እፈራው ነበር። አንተን ማን ይፈራል?"

"በንጉሥ አምላክ!" ብዬ አቆምኩት። እንደ ደንቡ የነጠላዬን ጫፍ ከነጠላው ጫፍ ቋጥረው አቆራኙን። ነገሩ እስኪያልቅ መብላትም አብሮ፣ መተኛትም አብሮ፣ ሜዳ መውጣትም አብሮ ነው። ሽማግሌው ደግሞ ሜዳ መውጣት ያበዛል።

መሬቷ ከቤተ ክርስቲያኑ መሬት ጋር ስለምትዋሰን መጀመሪያ የደብሩ ንብረት ጠባቂ ገበዙ ዘንድ ሄድን። "የታቦቱ መሬት ከኮሶው ዛፍ ወዲህ ነው፤ ወዲያ ያለውን ምስለኔው ይዳኝ" አሉን። የንጉሥ ሹሙ ምስለኔው በቅሎውን እያሻሸ፣ ቀና እንኳ ሳይል፣ "የወንዙ ዳር? እሱማ የታቦት ነው፤ ገበዙ ዘንድ!" አለ። ተመለስን። ገበዙ መለሱን። እንደገና ሄድን። ዝናቡ ጀመረ፤ የሰው ማሳ ሁሉ ተዘራ፤ የኔ ዘር ጎታ ውስጥ ተቀምጧል። ሰኔ ካመለጠ ገብስ አይዘራም።

"ጌታዬ፣ ፍረዱልኝ አላልኩም" አልኩት ምስለኔውን በሦስተኛው ሳምንት። "ዳኛዬ ማን እንደሆነ ብቻ ይንገሩኝ!"

"አንኮበር ሂዱና እዚያ ይንገሯችሁ።"

ሄድን። የአንኮበርን አቀበት ከሽማግሌ ጋር ተቋጥሮ ያልወጣ ሰው መከራ አየሁ አይበል። እኔን ሲያዳልጠኝ እሱ ይወድቃል፣ እሱን ሲያዳልጠው እኔ እወድቃለሁ፤ ሁለታችንም ጭቃውን እኩል ተካፈልን። ያለ ዳኛ የተካፈልነው እሱን ብቻ ነው።

አንኮበር በገባን በአራተኛው ቀን ተራ ደረሰን። ዳኛው አንድ ነገር ብቻ ጠየቁ።

"የዚህ መሬት ግብር የት ይገባል?"

"ንጉሥ ጎተራ!" አልኩ። ሽማግሌውም "ንጉሥ ጎተራ" አለ። በዚህ እንኳ ተስማማን።

"እንግዲያስ ዳኛችሁ ምስለኔው ነው። ነገ ዛሬ ሳይል ይፍረድ" አሉ። አለቀ! ሰኔ ገና ስምንት ቀን ቀርቶታል፣ በሬዎቼ ጠግበዋል። እጅ ነስቼ መውጣት ብቻ ነበር የቀረኝ። ግን ችሎቱ ሙሉ ሰው ነው፤ ሁሉም ያየኛል። እንዴት ዝም ብዬ ልውጣ?

"ጌታዬ፣ ተራ ገባር አልምሰልዎ!" አልኩ ደረቴን ነፍቼ። "አያቴ ከዚችው መሬት ጥግ ስንዴ ዘርቶ፣ ለቁርባኑ መገበሪያውን በያመቱ የሚያገባ ሰው ነበር! ያለሱ ስንዴ አይቀደስም ነበር!"

ብድግ ብለው የነበሩት ዳኛ መልሰው ቁጭ አሉ።

"መገበሪያ የወጣበት መሬትማ የገበዙ ነው። ወደ ገበዙ!"

ሽማግሌው ነጠላውን ጎተት አድርጎ "አሁን ይሄን ማን ጠየቀህ?" አለኝ በሹክሹክታ። ቁልቁለቱን እየተጎታተትን ወረድን።

ገበዙ ሲሰሙ ራሳቸውን ነቀነቁ። "እሺ፣ የኔ ነው። ግን የሰኔ ጾም ሳይፈታ ዘመድ ከዘመድ አላሟግትም። ሐምሌ አምስት ጾሙ ሲፈታ ኑ።"

"ሐምሌማ ገብሱ..."

"ልጄ፣ መገበሪያ ያወጣ ዘር ጾም ያከብራል።"

ወደ ቤት ስንመለስ በማሳው በኩል አለፍን። ባዶውን መሬት ሣር ለብሶታል። የምስለኔው በቅሎ መሀሉ ላይ ቆማ እንደ ልቧ ትግጣለች። ሽማግሌው ቆመ፤ ተቋጥረናልና እኔም ቆምኩ።

"አንተ አዋቂ" አለኝ። "ይቺን በቅሎ ብንከስሳት ዳኛዋ ማን ነው? ገበዙ ነው ምስለኔው?"

እኔ፣ በነገር የሚረታኝ የሌለው፣ ነጠላዬን አስተካክዬ አፌን ሸፈንኩበት።