ባለ ጎራዴው እና ዴንጌ

መጀመሪያ ያመመው ከዓይኑ ጀርባ ነበር። ባለቤቴ ሙሉጌታ የሚጽፍበትን ወረቀት ገፋና በሁለት መዳፉ ዓይኑን ሸፍኖ ተቀመጠ። ከፋብሪካ ሲመለስ የሚጽፈው ልብ ወለድ ነበረው፤ ጌታ የሌለው፣ ከአገር አገር የሚዞር፣ ጠንቋይና ጭራቅ በጎራዴ የሚቀላ አረመኔ ጀግና ታሪክ። የጀግናው ቁስል አድሮ ይሽራል፤ ሐኪም የሚባል አያውቅም። ባሌም ራሱን እንደ እሱ ቆጠረና እርፍ!

ሰውነቱ ነደደ። መገጣጠሚያዬ ሁሉ ተሰበረ አለኝ። ሐኪም ቤት እንሂድ ስለው፣ «ወባ ናት፤ በላብ ትወጣለች» አለ። እኛ ጋ ይህን የሚያምን ወንድ ብዙ ነው፤ ትኩሳት ሲይዘው በርጫ ይቀመጣል፣ እስኪያልበው ጫት ይቅማል፣ ትኩስ ሻይ ይደጋግማል። ጓደኞቹ መጡ። እየተንቀጠቀጠ አዲሱን ምዕራፍ አነበበላቸው። ሕመሙ ሲብስበት አንዱ መድኃኒት ቤት ወስዶ ዲክሎፌናክ የሚባል የሕመም ማስታገሻ መርፌ አስወጋው። ላቡ መጣ። «ይኸው!» እያሉ ሳቁብኝ።

ትኩሳቱም ለቀቀው። ዳነ ብዬ አመሰገንኩ።

ጠዋት ድዱ ደማ። አልቆመም። ክንዱ ላይ ቀያይ ነጠብጣብ ወጣ። ሆዱን አመመው። አስታወከ። ጥቁር ነበር።

ጩኸቴን ሰምቶ የገባው መጋላ ሰፈር ሱቅ ያለው ጎረቤታችን አብዲ ነው። ሙሉጌታ አሁንም «ያልፋል» ይላል። አብዲ፣ «ወሪያ፣ ዝም በል! መጽሐፍህ ውስጥ መሰለህ እንዴ?» አለውና አዝሎ ባጃጅ ውስጥ አስገባው።

ሐኪሟ ደሙን አስመርምራ ጠራችኝ።

«ዴንጌ የሚባለው የትንኝ ትኩሳት ነው። አደገኛው ጊዜ ትኩሳቱ ሲለቅ ነው። ደም የሚያረጋው ፕላትሌቱ በጣም ወርዷል፤ መርፌውም መድማቱን አባብሶታል።»

«ይተርፋል?»

«ዛሬን ይለፍ፤ ከዚያ እንነጋገራለን።»

ግሉኮስ ተሰቀለለት። አጠገቡ ተቀመጥኩ። እንዳይሞትብኝ እየለመንኩ ጠላሁት።

ያን ቀን አለፈው። ቤት ከገባ በኋላ ግን የሸሚዙን ቁልፍ መቆለፍ እንኳ እያቃተው ብዙ ሳምንት ቆየ፤ እኔም አጠብኩት፣ ከቀፊራ ገበያ ብርቱካን እያመጣሁ ጨመቅኩለት፣ ክንዴን ይዞ ከአልጋው እስከ በረንዳው መሄድ ሲጀምር ልጅ ዳዴ ያለልኝን ያህል ደስ አለኝ።

ብዕር መያዝ ሲችል መጽሐፉን ጨረሰ። በመጨረሻው ምዕራፍ ጀግናው በጠንቋይ ትኩሳት ይያዛል፤ ተራራ ላይ ብቻውን ይተኛል፤ ብቻውን ይነሣና የጠንቋይዋን አንገት ይቆርጣል። ጓደኞቹ «አቦ! ልክ እንዳንተ!» ብለው አጨበጨቡ። አብዲ ብቻ አላጨበጨበም።

«ውሃ ማን አጠጣው?» አልኩት ባሌን።

«ጀግና እኮ ነው» አለኝ።

አንጀቴ አረረ። እስካሁንም አልበረደልኝም።

ፈጣሪን፣ አብዲን፣ ሐኪሟን፣ ደም የነካው አንሶላ ፊታቸው ሳይቋጠር የቀየሩልንን ነርሶች አመሰግናለሁ። ዴንጌ ዳግም ከያዘው ሊከፋ እንደሚችል ተነግሮናልና አሁንም ከስጋት አልወጣሁም። እናንተም የውሃ በርሜላችሁን ክደኑ፤ ትንኟ የምትራባው እዚያ ነው። ትኩሳት ሲመጣ ሳትመረመሩ የሕመም ማስታገሻ መርፌ አትወጉ። ትኩሳቱ ሲለቅ ደግሞ አትዘናጉ። ቤታችሁ ውስጥ ጀግና ካለ ፈቃዱን አትጠይቁት፤ ባጃጅ ጥሩ። ይቀየማችሁ። የሚቀየመው በሕይወት ያለ ባል ነው።