ሁለት ጥርስ ያዞርኩት መሪ

ሸዋ ሮቢት ውስጥ መሪ በማቃናት የታወቀ መካኒክ ቢኖር እኔ ነበርኩ። ይህን የምለው ለጉራ አይደለም፤ ቀጥሎ የማወራው ነገር ለጉራ የሚሆን አይደለም። ከደሴ የሚወርዱ የጭነት መኪና ሾፌሮች "መሪዬ ተጣመመብኝ" እያሉ ጋራዤ በር ላይ ይቆማሉ። እኔም መሪውን ከዘንጉ ነቅዬ፣ በዘንጉ ጫፍ ካሉት ጥርሶች አንድ ወይም ሁለት ጥርስ አዙሬ መልሼ እተክለዋለሁ። መኪናው ቀጥ ብሎ ሲሄድ መሪውም ቀጥ ብሎ ይታያል፤ ሾፌሩ ሻዩን ጠጥቶ ሳይጨርስ መኪናው ይደርስለታል። ትክክለኛው ሥራ ከመኪናው ሥር ገብቶ የፊት ጎማዎቹን የሚገፉትን ዘንጎች ግራና ቀኝ እየለኩ ማስተካከል እንደሆነ አላጣሁትም። ግን በዚያ ቆላ፣ በዚያ ቀትር፣ የጋለ ሞተር ሥር ተንጋልሎ ሚሊ ሜትር የሚለካ ማን ነው? ደግሞም በአሮጌዎቹ መኪኖች ላይ አቋራጬ ማንንም ጎድቶ አያውቅም።

ነገሩ የሆነው በኢሕአዴግ ዘመን መገባደጃ፣ ኮምፒውተር ያለባቸው አዳዲስ መኪኖች ወደ እኛ ቆላ መውረድ በጀመሩበት ጊዜ ነው። ከተማችን ውስጥ ለሽንኩርትና ለማሾ ገበሬዎች የመስኖ ቦይ የሚያወጣ አንድ ፕሮጀክት ነበረ። ፕሮጀክቱ አንዲት አዲስ ደብል ካቢን መኪና ነበረችው። ሾፌሯ በዕድሜ አባቴን የሚያክሉ ሰው ስለነበሩ ሁላችንም ጋሼ እንላቸው ነበር። ጋሼ ዕድሜያቸውን በጭነት መኪና ጣርማ በርን ሲወጡና ሲወርዱ ያሳለፉ፣ ሰው ቀርቶ በግ ገጭተው የማያውቁ ሾፌር ናቸው። ከመነሳታቸው በፊት አራቱንም ጎማ ጎንበስ ብለው በእጃቸው ይዳስሳሉ። ሌላው ሾፌር በእግሩ መታ አድርጎ ያልፋል።

አንድ ቀን ደብል ካቢኗ ቦይ ስትሻገር ከፊት ተመታችና ወደ እኔ አመጧት። የተጎዳውን ዕቃ ለወጥኩላት። ስነዳት ግን መሪዋ ወደ ጎን ጠምሟል። እኔ ደግሞ የለመድኩት አለኝ፤ ነቀልኩት፣ ሁለት ጥርስ አዞርኩት፣ መልሼ አሰርኩት። መሪው ቀጥ አለ። ጋሼም አመስግነውኝ ሄዱ።

ሦስት ሳምንት ያህል ቆይተው ተመልሰው መጡ።

"አንተ ልጅ፣ መሪውን ከነካህ ወዲህ የዚች መኪና ጠባይ ተለውጧል" አሉኝ። "ከደብረ ሲና ስወርድ፣ ግራ ኩርባ ላይ፣ እኔ ፍሬን ሳልረግጥ አንዱን ጎማ ትይዘዋለች። ቢጫ መብራትም ብልጭ ይልና ይጠፋል።"

ከተናገሩት ሁሉ ጆሮዬ ውስጥ የቀረው "መሪውን ከነካህ ወዲህ" የሚለው ብቻ ነበር። ጋራዡ ውስጥ ሁለት ደንበኞች ተቀምጠው ይሰማሉ። ደሜ ፈላ። ቁልፉን ተቀብዬ መኪናዋን በሜዳው መንገድ ወደ ሰንበቴ አቅጣጫ ነዳኋትና ተመለስኩ። ያ መንገድ እንደ ገመድ የተዘረጋ ነው፤ ኩርባ የሚባል ነገር የለበትም ማለት ይቻላል።

"ጋሼ ይሙቱ፣ ምንም የለባትም" አልኳቸው።

"ሜዳ ላይማ ምን ይኖርባታል! ቁልቁለቱ ላይ ውሰዳት እንጂ።"

"ሥራ አለብኝ" አልኩ። ሥራ እንኳን አልነበረብኝም።

ብዙም ሳይቆይ ጋሼ ሁለት የፕሮጀክቱን ሠራተኞች ይዘው ከደብረ ሲና ሲወርዱ፣ ግራ ኩርባ ላይ መኪናዋ ያዘቻቸውና አስፋልቱን ለቃ የውሃ መውረጃው ውስጥ ገባች። ማንም አልተጎዳም። ተሳፋሪዎቹ ግን ክፉኛ ደንግጠው ስለነበር ነገሩ ለወሩ ግምገማ ቀረበ። ያን ዘመን የኖረ ሰው ግምገማ ምን እንደሆነ ያውቃል፤ ሠራተኛው ሁሉ አዳራሽ ይሰበሰባል፣ የአንዱ ጥፋት ይዘረዘራል፣ ጥፋተኛ የተባለውም ተነስቶ ግለሂስ ያደርጋል። እኔም እንደ ባለሙያ ተጠርቼ ከፊት ወንበር ላይ ተቀመጥኩ። ሸሚዜን ተኩሼ ነበር የሄድኩት።

ጋሼ መኪናዋ ራሷ ፍሬን እንደምትይዝ ተናገሩ። አንዳንዱ ፈገግ አለ። የፕሮጀክቱ ኃላፊ ወደ እኔ ዞሮ፣ "እንግዲህ ባለሙያው ይንገረን። ችግሩ የመኪናዋ ነው ወይስ የሾፌሩ?" አለኝ።

ጋሼ ዐይን ዐይኔን ያዩኛል። በዚያች ደቂቃ "ቁልቁለቱን ወርጄ አላየኋትም" ማለት ይበቃኝ ነበር። አንዲት ዐረፍተ ነገር ነች።

"ነድቼ አይቻታለሁ፤ መኪናዋ ጤነኛ ነች" አልኩ፣ አፌን ሞልቼ። "ጋሼ እንግዲህ፣ መቼም ዕድሜ ነው፤ ድካም አለ።"

አዳራሹ ውስጥ ያለው ሰው በሐዘኔታ ራሱን ነቀነቀ። ጋሼ ባርኔጣቸውን በሁለት እጃቸው ይዘው ተነሱ። "ባለሙያው ካለ እኔ ምን እላለሁ? ሂሴን ውጫለሁ" ብለው ተቀመጡ። በማግስቱ ከመሪ ተነስተው ሮቢ ወንዝ ዳር ባለው የችግኝ ጣቢያ የውሃ ፓምፕ ጠባቂ ሆኑ።

እያወቅሁ ዋሸሁ ብል ደግሞ ልክ አይሆንም። የመኪናዋን ችግር አላውቅም ነበር። አለማየቴን ግን አውቅ ነበር።

በጋሼ ቦታ ሌላ ሾፌር ተመደበ። ሁለት ወር ያህል ነድቶ መጣና፣ "ግራ ኩርባ ላይ አንዱን ጎማ ትይዛለች" አለኝ። ቃል በቃል። ሰውየው ከጋሼ ጋር ተነጋግሮ እንደሆነ ጠየቅሁት። እንኳን ሊነጋገር መልካቸውንም አያውቅም፤ ከሌላ ወረዳ ነው የመጣው።

ያን ዕለት ብቻዬን ደብረ ሲና ድረስ ወጥቼ ዞሬ ወረድኩ። በመጀመሪያው የግራ ኩርባ ላይ መብራቱ ብልጭ አለ፤ መኪናዋም እንደሚፈራ በቅሎ ያዝ አድርጋ ወደ ዳር ጎተተችኝ። በሁለተኛውም እንደዚያው። መኪናዋን ዳር አቁሜ ወረድኩ። የደብረ ሲና ብርድ እያለ ላብ አጠመቀኝ።

ደብረ ብርሃን የመኪና መመርመሪያ ማሽን ያለው የሙያ ጓደኛ ነበረኝና መኪናዋን ይዤለት ሄድኩ። ማሽኑን ሰክቶ ቁጥሩን አሳየኝ። የመሪው ዘንግ ላይ አንዲት ትንሽ ሴንሰር አለች፤ መሪው በስንት ዲግሪ እንደዞረ ለመኪናዋ ኮምፒውተር ትናገራለች።

"ይኸው፣ መሪህ ቀጥ ብሎ ቆሟል፤ ጎማዎቹም ቀጥ ብለዋል" አለኝ። "ለእሷ ግን ሃያ ዲግሪ ወደ ቀኝ የዞርክ ነው የሚመስላት። ወደ ግራ ስትታጠፍ ከታዘዝኩት በላይ ዞርኩ፣ ተንሸራተትኩ ብላ ራሷን ለማዳን አንዱን ጎማ ትይዛለች። ሴንሰሯ ተበላሽታ ይሆናል።"

ሴንሰሯ ተበላሽታ! እልል ልል ምንም አልቀረኝም። የዕቃ ብልሽት ከሆነ ጥፋቱ የማንም አይደለማ። ጓደኛዬ ባትሪውን ፈቶ፣ ትንሽ ቆይቶ ኤርባጉን አወጣ፤ ከዚያ መሪውን ነቀለ። ባትሪውን መልሶ አገናኝቶ ሴንሰሯን በእጁ እያዞረ ከማሽኑ ጋር አመሳከራት። አንድም ዲግሪ አልሳተችም። ግራ ገብቶት የዘንጉን ጫፍ ጠረግ ጠረግ አደረገና አጎንብሶ አየ። መሪውና ዘንጉ ላይ ፊት ለፊት መግጠም የነበረባቸው የፋብሪካ ምልክቶች አሉ። አንዱ ከሌላው በሁለት ጥርስ ርቋል።

"ይሄን መሪ ማን ነው የነቀለው?" አለኝ።

"እንጃ" አልኩ። "ከእኔ በፊት የሠራት ሰው ይሆናል።"

"ማንም ይሁን ጅል ነው።"

"ጅል ነው" አልኩ እኔም።

ከዚያ ሥራው ቀላል ነበር። ምልክቶቹን አግጥሞ መሪውን በቦታው አሰረ። እኔ ከሥር ገብቼ ያን የናቅሁትን ሥራ፣ ዘንጎቹን ግራና ቀኝ እየለካሁ ማስተካከልን፣ ተንጋልዬ ሠራሁት። በመጨረሻ መሪው ቀጥ ብሎ ሳለ፣ ቀጥታው ይሄ ነው ብሎ ዜሮውን በማሽኑ ለሴንሰሯ ሞላላት። ሁሉም ነገር ተደማምሮ ግማሽ ቀን አልፈጀም። ወደ ቤት ስመለስ የጣርማ በርን ዋሻ አልፌ፣ ደብረ ሲናን አልፌ፣ የግራ ኩርባዎቹን ሁሉ አንድ በአንድ ወረድኩ። ምንም የለም። እንደ ውሃ ትፈሳለች። ያዝ ብታደርገኝ እንዴት ደስ ባለኝ! የሰውየውን ስም ያጠፋሁት በሁለት ጥርስ እንደሆነ በሮቢት ሙቀት ውስጥ እየተቃጠልኩ ማሰብ ጀመርኩ።

ለኃላፊው "የመሪ ሴንሰር ችግር ነበር፤ ተስተካክሏል" ብዬ አንድ መስመር ጽፌ ሰጠሁት። ፈረመበት። ቀጥዬ ጋሼን ፍለጋ ወደ ችግኝ ጣቢያው ሄድኩ፤ የሄድኩት ልነግራቸው ነው፣ ይህንን እምላለሁ። ማንጎ ጥላ ሥር ፓምፑ አጠገብ ተቀምጠው አገኘኋቸው። ሲያዩኝ ከመቀመጫቸው ተነሱልኝ። እንዲያ መነሳታቸው ራሱ ምላሴን አሰረው።

"ጋሼ፣ ያቺ መኪና…" ብዬ ጀመርኩ።

"ተዋት፣ ተዋት" አሉኝ። "እንኳን ያኔ ተናገርክ። ቆይቼ ሳስበው ዐይኔም እጄም እንደ ድሮው አይደሉም። አንተ ባትናገር ሰው ጨርሼ ነበር። እኔ ሽማግሌው ደግሞ መሪውን ስለነካህ ነው ብዬ በሰው ፊት ስምህን አነሳሁ። ይቅር በለኝ ልጄ።"

ምን አልኩ? "ኧረ ምንም አይደል ጋሼ" አልኳቸው። ይቅር አልኳቸው እኮ! እኔ፣ እሳቸውን! ተሰናብቼ ወጣሁ። በሕይወቴ ብዙ ነገር አበላሽቻለሁ፤ እንደዚያች ደቂቃ ግን ራሴን የተጸየፍኩበት ጊዜ የለም።

ሁለት ሳምንት ችዬ ቆየሁ። ጋሼ በጋራዤ በር ሲያልፉ ሰላምታ ሲሰጡኝ ሥራ የያዝኩ እየመሰልኩ መኪና ሥር እገባለሁ። በመጨረሻ ኃላፊውን እንድናገር ይፈቀድልኝ ብዬ በሚቀጥለው ግምገማ ተነስቼ ቆምኩ። መሪውን እንዴት እንደነቀልኩ፣ ቁልቁለቱን ወርጄ ሳላይ እንዴት እንደመሰከርኩ፣ ሴንሰሯ ምን እንደነበረች፣ ሁሉንም ተናገርኩ። ከኋላ የሆነ ሰው ሳቀ። ኃላፊው "ይሄን ያህል ጊዜ ምን ስትጠብቅ ነበር?" አለኝ። ጋሼ ከመጨረሻው ወንበር ላይ ሆነው መሬት መሬት ያያሉ። የመኪናዋ ቁልፍ እዚያው፣ ሰው ሁሉ እያጨበጨበ፣ ተመለሰላቸው።

ከስብሰባው ስንወጣ ወደ እኔ መጡና፣ "እስቲ አብረን ደርሰን እንምጣ" አሉኝ። ይሰድቡኛል ብዬ ነበር። ቢሰድቡኝ በወደድኩ። ጎንበስ ብለው አራቱንም ጎማ ዳሰሱና መሪውን ያዙ። ዳገቱን እንደ ድሮው ወጡት፤ ካምቢዮው እንኳን ሲቀየር አይሰማም። እኔም በልቤ፣ ተመስገን፣ ነገሩ ተቃና አልኩ። ደብረ ሲና ላይ ዞረን መውረድ ጀመርን።

የመጀመሪያው የግራ ኩርባ ገና ከሩቁ ሲታይ ጋሼ ፍሬን ረገጡ። መኪናዋ ልትቆም ምንም አልቀራት። ከኋላችን ያለ የጭነት መኪና ጥሩንባውን ለቀቀው። በሁለተኛው ኩርባ ከዚያ ቀድመው ረገጡ። በሦስተኛው ዳር ይዘው አቆሙ። ግንባራቸው ላይ ላብ ችፍ ብሏል።

"ና ንዳት አንተ" አሉኝ።

"ጋሼ፣ ተስተካክላለች እኮ! ጥፋቱ የእኔ ነው፤ እርስዎ ምንም የለብዎትም። ነገርኩዎት አይደል?"

"ነግረኸኛል። ሰምቻለሁም" አሉ ድምፃቸውን ሳይለውጡ። "እግሬ ነው እንቢ ያለኝ።"

ቦታ ተለዋወጥን። የቻልኩትን ያህል ቀስ ብዬ ነዳሁ። ግራ ኩርባ በደረስን ቁጥር፣ ከጎኔ ተቀምጠው፣ ፍሬን በሌለበት ወለሉን በቀኝ እግራቸው ሲረግጡ በዐይኔ ጠርዝ አያለሁ። እንዲህ እያልን ሮቢት ገባን።

መሥሪያ ቤቱ በር ላይ ሳይሆን ችግኝ ጣቢያው ጋ አውርደኝ አሉኝ። ችግኙ ውሃ የሚጠጣበት ሰዓት ደርሶ ነበር። ሲወርዱ "ቁልፉን አንተው መልስላቸው" ብለው በሩን ቀስ አድርገው ዘጉት።

ቁልፉን ይዤ ኃላፊው ቢሮ ገባሁ። ገርሞት "ምነው?" አለኝ። እግራቸውን ምን እንደነካው፣ ማን እንደነካው ማስረዳት ነበረብኝ። እኔ ግን ቁልፉን ጠረጴዛው ላይ አስቀምጬ፣ "አልፈልግም አሉ" ብቻ ብዬ ወጣሁ።